«ታስረው ያውቃሉ?» ሲሉኝ «አላውቅም» አልኩ

መጀመሪያ የከዳኝ ቀኝ እግሬ ነው። መቱ ከተማ ገበያ ዳር ባለችው ጠባብ ሱቄ ተቀምጬ የአንድ አስተማሪ ሱሪ እየሰፋሁ ሳለ፣ የስፌት መኪናዬን መርገጫ የረገጥኩ መስሎኝ መሬት ረግጬ ተገኘሁ። ሳቅሁ። አስተማሪውም ሳቀ፣ «እንቅልፍ ይዞሃል» አለኝ። ከዚያ በፊት ስድስት ወር ያህል ወገቤን ያመኝ ነበር፤ ግን ወገቡን የማያመው ልብስ ሰፊ የት አለ? ቀኑን ሙሉ ጎንበስ ብሎ የሚውል ሰው ወገቡ ቢያመው ማንን ይከሳል? እኔም እንደዚያ ብዬ ተውኩት።

ይህን የምጽፈው እንዲታዘንልኝ አይደለም። አሁን በከዘራ እሄዳለሁ፣ እሠራለሁ፣ እበላለሁ። የምጽፈው ስለተናደድኩ ነው። ንዴቴ ግማሹ በሐኪም ቤት ነው፣ ግማሹ በሰው አፍ ነው። ሁለት ግማሽ አልቆ የሚተርፍ ነገር ካለ ደግሞ እሱ በራሴ ላይ ነው፣ እሱም ከሁለቱ ይበልጣል።

የመጀመሪያው ክሊኒክ ታይፎይድ ነው አለኝ። እኛ አገር ታይፎይድ ያልተባለ ሰው ካለ ክሊኒክ ያልሄደ ሰው ነው። አሥር ቀን መርፌ ተወጋሁ። ሁለተኛው ክሊኒክ ኩላሊት ነው፣ ውሃ ጠጣ አለኝ፤ ጠጣሁ፣ ያተረፍኩት ሽንት ቤት መመላለስ ብቻ ነው። ሦስተኛው እጁን ወገቤ ላይ ሳያሳርፍ፣ ከጠረጴዛው ማዶ ሆኖ፣ «ብርድ ነው» አለ። ብርድ! እኔ ብርድ የት እንደሚያገኘኝ እሱ የት ያውቃል? ሦስቱም ከፍለህ ውጣ እንጂ ልብስህን አውልቅ አላሉኝም። ወጪውን እዚህ አልዘረዝርም፤ ቤታችን የነበረችው ላም እንደሄደች ብቻ ይታወቅልኝ።

ክሊኒኩ ሲሰለቸኝ ወደ ወጌሻ ዞርኩ። ያዮ በኩል ስመ ጥር ወጌሻ አለ ተባለ። በዚያን ጊዜ ጀርባዬ ላይ፣ ከመቀመጫዬ በላይ ስንዝር ያህል ከፍ ብሎ፣ አንድ ጉብታ ወጥቶ ነበር። ሰውዬው በቅቤ አሽቶ ዳበሰውና «አጥንትህ ከቦታው ወጥቷል፤ እመልሰዋለሁ» አለ። ከዚያ በሆዴ አስተኝቶ ጉልበቱን ጉብታው ላይ አድርጎ ተጫነኝ። እንዴት እንደጮህኩ ሚስቴ አያንቱ እስከ ዛሬ ታነሣዋለች። በሳምንቱ ግራ እግሬም መደንዘዝ ጀመረ። ኋላ ጅማ ያየኝ ሐኪም ይህን ስነግረው ብዕሩን አስቀመጠና «ትንሽ ጠንከር አድርጎ ቢሆን ኖሮ ዛሬ ተሸክመው ነበር የሚያመጡህ» አለኝ።

ቤተሰቡም ጎራ ለየ። እናቴ ጸበል በጀሪካን አስይዛ ከጎሬ ወረደች። አያንቱ ደግሞ ጴንጤ ናት፣ የጸሎት ቡድኗን ይዛ መጣች። በአንድ ወገብ ላይ ሁለት ሃይማኖት ተሰለፈ። ሁለቱንም አልከለከልኩም፤ የሚያመው ሰው ምርጫ አያበዛም። ግን እናቴና አማቴ ወጥ ቤት ገብተው በኔ ጉዳይ ሲነታረኩ እየሰማሁ መተኛት ከሕመሙ የባሰ ነበር።

በመጨረሻ ሆስፒታል ሄድኩ። ጎህ ሳይቀድ ወረፋ ይዤ፣ ካርድ አውጥቼ፣ ከቀትር በኋላ አንድ ለጋ ዶክተር ዘንድ ገባሁ። ጨዋ ልጅ ነው፣ ልወቅሰው አልፈልግም፤ ከሁሉም የተሻለው እሱ ነበር። ወረቀት ዘርግቶ ይጠይቀኛል፤ እኔ ስመልስ ምልክት ያደርጋል። ሳል አለ? የለም። ሌሊት ያልብዎታል? አንዳንዴ። ክብደት ቀንሰዋል? ማን ያልቀነሰ አለ አልኩት። ቀጥሎ፦

«ታስረው ያውቃሉ?» አለኝ። የገባኝ ስላልመሰለው በኦሮምኛም ደገመው።

ደሜ ፈላ። «ሌባ እመስላለሁ?» አልኩት።

«የለም፣ ለሁሉም የሚጠየቅ ጥያቄ ነው፣ ጋሼ።»

«አላውቅም። እኔም አባቴም ታስረን አናውቅም።»

ምልክቱን አደረገ። የሕመም ማስታገሻ ጻፈልኝና «ካልተሻለዎ ይመለሱ» አለኝ። ያቺ ምልክት አምስት ወር አስከፈለችኝ።

አሁን እዚህ ላይ ለምን እንደዋሸሁ መናገር አለብኝ። ደግሞ እኮ አልዋሸሁም። እኔ በድንበሩ ጦርነት የተማረክሁ ወታደር ነኝ። ሦስት ቀን ውሃ ሳንቀምስ ቆይተን፣ ራሴን ስቼ ስነቃ አፈሙዝ ደረቴ ላይ ነበር። ከሦስት ዓመት በላይ ድንበር ማዶ፣ በረሃ ውስጥ፣ በቆርቆሮ መጋዘን ተይዤ ኖርኩ። ይህ ለኔ እስር አይደለም። የታሰረ የሰረቀ ነው፣ የገደለ ነው፣ ከጎረቤቱ በድንበር የተካሰሰ ነው። እኔ ምርኮኛ ነበርኩ። ዶክተሩ «ተማርከው ያውቃሉ?» ቢለኝስ? እውነቱን ልናገር፣ ያኔም አላውቅም እል ነበር።

ምክንያቱም ከምርኮ ስመለስ ትውልድ አገሬ ጎሬ ምን እንዳደረገችኝ አልረሳም። እልል ብለው ተቀበሉኝ፣ አላማቸውም። ሁለት ወር ሳይሞላ ግን ጠጅ ቤት ቁጭ ብዬ፣ አሳላፊዋ እንድትጨምርልኝ እጄን ባነሣ፣ አንድ የሰፈራችን ሰው «ይሄ ልጅ እጅ ማንሣት ለምዶበታል» አለ። ቤቱ በሙሉ ሳቀ። የሳቁት ክፉ ሰዎች አይደሉም፤ አብሬያቸው ያደግሁ ናቸው። እዚያው ብርሌዬን አስቀምጬ ወጣሁ፣ በሳምንቱ ዕቃዬን ይዤ መቱ ወረድኩ። መቱ ማንም አያውቀኝም። አያንቱን ሳገባ ወታደር እንደነበርኩ፣ ቆስዬ ሦስት ዓመት ሆስፒታል እንደተኛሁ ነገርኳት። እናቴንም አስማልኳት። ጠባሳ ስላለብኝ አያንቱ አመነች።

ከእናቴና ከጎሬ ሰዎች ሌላ ይህን ነገር የሚያውቅ በአካባቢው አንድ ሰው ብቻ ነበር። ተስፋዬ ይባላል፣ ከጎሬ ማዶ የቡሬ ልጅ ነው፣ እዚያው መጋዘን አብረን ነበርን። ባገባሁ በዓመቱ መቱ መናኸሪያ ከአያንቱ ጋር ቆሜ ፊት ለፊት ተገጣጠምን። እሱም ከሚስቱ ጋር ነው። ዓይን ለዓይን ተያየን፤ እሱ አንገቱን አዞረ፣ እኔም አዞርኩ። ከሰዓት ብቻውን ሱቄ ድረስ መጣና ሱሪ አሳጥርልኝ አለ።

«ሚስትህ ታውቃለች?» አለኝ፣ ሱሪውን እየለካሁ ሳለ።

«አታውቅም። ያንተስ?»

«የኔም አታውቅም። እንግዲያው ጌታቸው፣ እኔና አንተ አንተዋወቅም።»

«አንተዋወቅም» አልኩ። ተጨባብጠን ተለያየን። ከዚያ በኋላ መንገድ ላይ ስንገናኝ ማዶና ማዶ ይዘን እናልፍ ነበር። ይህን ማድረጋችን ያን ጊዜ የወንድ ልጅ ቁም ነገር ይመስለኝ ነበር።

ወደ ሕመሜ ልመለስ። ማስታገሻውን እየዋጥኩ አምስት ወር ተጎተትኩ። መጀመሪያ በከዘራ፣ ቀጥሎ ግድግዳ ይዤ፣ በመጨረሻ አንድ ጠዋት ከአልጋ ልነሣ ስል እግሮቼ የሉም። አሉ፣ አያቸዋለሁ፤ ግን የኔ አይደሉም። አያንቱ ቆነጠጠችኝ፣ አልተሰማኝም። በመርፌ ወጋችኝ፣ አልተሰማኝም። ሽንቴንም መቆጣጠር አቃተኝ። በእግር በሚረገጥ መኪና እንጀራ የሚበላ ሰው ይህን ሲያይ ምን እንደሚያስብ እያንዳንዱ ሰው በራሱ ሥራ ይገምተው። ፈራሁ። በረሃ እንኳ እንደዚያ አልፈራሁም፤ በረሃ ላይ ቢያንስ ብዙ ነበርን።

ጎረቤቶች ተሸክመው ባጃጅ ውስጥ አጋደሙኝ። ሆስፒታል አግዳሚ ላይ ስጠብቅ የበሩ ዘበኛ፣ የማያውቀኝ ሽማግሌ፣ ጋቢውን አጥፎ ከጀርባዬ አደረገልኝና ወደ በሩ ተመለሰ። እስከዚያ ሰዓት ሆስፒታሉ ውስጥ ከዚያ ሰው በቀር ፊቴን ያየ አልነበረም።

ከዚያ ሲስተር ደሚቱ መጣች። በዕድሜ የገፋች፣ ድምፅዋ ዝግ ያለ ነርስ ናት። ሸሚዜን ገለበችና ጉብታውን በሁለት ጣት ነካችው። ከዚያ ሁሉ ክሊኒክ በኋላ ጀርባዬን አይቶ የነካ የመጀመሪያው የሕክምና ሰው እሷ ናት። ያንን ወረቀት አውጥታ ጀመረች፣ እዚያው ጥያቄ ላይ ደረሰች።

«ታስረህ ታውቃለህ?»

«አላውቅም።»

ምልክት አላደረገችም። ወረቀቱን ጭኗ ላይ አስቀምጣ አልጋዬ ጫፍ ተቀመጠች። «ዱጋ ናቲ ሂሚ» አለችኝ፤ እውነቱን ንገረኝ ማለቷ ነው።

«እውነቴን ነው፣ ታስሬ አላውቅም።»

«እሺ ይሁን። ብዙ ሰው ታጭቆ ባለበት ቤት ተኝተህ ታውቃለህ? ካምፕ በለው፣ መጠለያ በለው፣ የትም ይሁን።»

አያንቱ አጠገቤ ቆማለች። እግሮቼን አየኋቸው። ከዚያ «አውቃለሁ» አልኩ።

«ስንት ትሆኑ ነበር?»

«ቁጥሩ ይቅር። በጀርባ መተኛት አይቻልም ነበር። ሁላችንም በአንድ ጎን ነው የምንተኛው። አንዱ ልዙር ካለ ሁሉም መዞር አለበት፤ ስለዚህ የረድፉ አለቃ ‹ዙር!› ሲል ሁላችንም ባንዴ እንዞራለን።»

አያንቱ «ዙር?» አለች። በእንቅልፍ ልቤ የምለው ቃል ትርጉሙ ያኔ ነው የገባት። ሰባት ዓመት ሙሉ የስፌት መኪናዬን ዘዋሪ ጎማ የማልም መስሏት ትስቅብኝ ነበር።

«ከመካከላችሁ ብዙ የሚያስል ነበር?» አለች ሲስተር።

ነበር። አሥር አለቃ ነው። ከኔ በስተግራ ይተኛ ነበር። ደም እስኪተፋ ያስል ነበር፤ ስንዞር ሳሉ ማጅራቴ ላይ ነበር የሚያርፈው። ዓመት ከመንፈቅ ካሳለ በኋላ ሞተ፤ የቀበርነው እኛው ነን። ይህን ሁሉ ነገርኳት፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በሕይወቴ።

«ታዲያ ይሄ እስር አይደለም?» አለች።

«ምርኮ ነው።»

«ለበሽታው ሁለቱም አንድ ነው፣ ወንድሜ።»

ከዚያ ጎንበስ ብላ ጠየቀችኝ፦ «ከሰውዬው በሌላ በኩል ማን ነበር የሚተኛው? ሰው ልከን እናስመረምረዋለን።»

በሌላ በኩል የሚተኛው ተስፋዬ ነበር። አፌ ላይ ደርሶ ነበር። ግን ቃል አለን፤ አንተዋወቅም ተባብለናል። የራሴን ገመና ማውጣቴ ሳያንስ የሰው ልጨምር? «አላስታውስም» አልኳት። እሷም አመነችኝ።

ራጅ ተነሣሁ፣ ጅማ ተልኬ በትልቁ ማሽን ታየሁ። የአከርካሪ አጥንት ቲቢ ነው። ቲቢ የሳንባ ብቻ ይመስለኝ ነበር፤ ለካ ሰውነት ውስጥ ስንት ዓመት አድፍጦ ቆይቶ አጥንት ውስጥ ይነሣል። ሁለት አጥንቶቼን በልቶ፣ መግሉ ወደ እግር የሚወርደውን ነርቭ ተጭኖት ነበር። ሐኪሙ «እግሮችህ ጨርሰው ከደነዘዙ ገና ቀናቸው ነው፣ ደርሰህብናል። ወራት ቆይተህ ቢሆን ተስፋ አልሰጥህም ነበር» አለኝ። አንድ ዓመት የሚወሰድ መድኃኒት ተሰጠኝ። በማግስቱ ሽንቴ ቀልቶ ባየው ጊዜ አለቀልኝ አልኩ፤ ለካ መድኃኒቱ ነው የሚያቀላው፣ ይህን እንኳ ቀድሞ የነገረኝ የለም።

አያንቱ ሦስት ሳምንት አላናገረችኝም። ታጥበኛለች፣ ታገላብጠኛለች፣ መድኃኒቴን በሰዓቱ ታውጠኛለች፣ ግን ቃል የለም። በመጨረሻ እኔው የጎሬውን ሳቅ ነገርኳትና «ምርኮኛ ማግባትሽ አሳፈረሽ?» አልኳት።

«እኔን ያሳፈረኝ እሱ መሰለህ?» አለች። «ሰባት ዓመት ጎኔ ተኝተህ አንድ ቀን አላመንከኝም። ጎሬ ከሳቁብህ ሰዎች ጋር አንድ አደረግኸኝ።»

በዚያው ሰሞን አማቴ ኩባያዬን ከሌላው ለይታ ማስቀመጥ ጀመረች። የአጥንቱ ቲቢ ከኔ ወደ ሰው እንደማይተላለፍ ሐኪሞቹ ቢነግሯትም አልተዋጠላትም። አያንቱ እናቷ ፊት ኩባያዬን አነሣችና የተረፈኝን ሻይ እስከ አተላው ጠጣችው። ከዚያ ሁሉ ቁጣዋ በኋላ ያሻረኝ እሱ ነው።

በሦስተኛው ወር የግራ እግሬ አውራ ጣት ተንቀሳቀሰ። ያየችው አያንቱ ናት፤ እኔ አልተሰማኝም። «ድገመው» አለችኝ። እንዴት እንዳደረግሁት ሳላውቅ ደገምኩት። በአምስተኛው ወር ቆምኩ፣ በስድስተኛው በሁለት ምርኩዝ ሄድኩ። ሱቄን ስከፍት የገበያው ሰው ሰላም ሊለኝ ተሰበሰበ። በሽታውን ከየት አገኘኸው ሲሉኝ ተማርኬ ነበር፣ እዚያ ነው የያዘኝ እያልኩ ነገርኳቸው። እጅ ስለማንሣት የቀለደ አልነበረም። አንድ ሰው ቢቀልድ ደግሞ ምርኩዝ በእጄ ነበር።

እዚህ ላይ ባቆም ደስ ባለኝ፤ የዳነ ሰው ታሪክ ሆኖ ባለቀ። ሐኪሞችን ሰው ጀርባውን ሲያመው ገልባችሁ እዩ፣ ስትጠይቁም ወረቀቱን ብቻ አታንብቡ ብዬ፣ እንደኔ የተማረካችሁትን ደግሞ ለሐኪም ተናገሩ፣ ምን ብለው እንደሚጠሩት አትጨነቁ ብዬ ብሰናበት ይበቃ ነበር። ግን መድኃኒቱን በዋጥኩ ቁጥር አንድ ስም አብሬ እውጥ ነበር። ነገ እሄዳለሁ እላለሁ። ስድን እሄዳለሁ እላለሁ። ያለ ምርኩዝ ስሄድ ነው የምሄደው እላለሁ። ሰው እንዲህ ነው ራሱን የሚያታልለው።

በስምንተኛው ወር፣ ሐምሌ ላይ፣ መድኃኒት የምወስድበት አግዳሚ ላይ አንዲት የቡሬ ሴት አጠገቤ ተቀመጠች። ወሬ ለማሳመር ምን እንዳመመኝ ጠየቀችኝ፣ ነገርኳት። «እኛም ሰፈር ጋሼ፣ እንዲሁ ወገቡን ብርድ የመታው ሰው አለ። ድሮ ወታደር ነበር። አሁንማ ተኝቶ ቀረ» አለችኝ። ስሙን አልጠየቅኋትም።

በማግስቱ በጎሬ በኩል ቡሬ ሄድኩ። መንገዱ ጭቃ ነበር፣ ከመናኸሪያው እስከ ቤቱ ሁለት ጊዜ ወደቅሁ። በሩን የከፈተችልኝ መናኸሪያ ያየኋት ሚስቱ ናት። አላወቀችኝም። ተስፋዬ ጥግ ላይ አልጋ ይዟል፤ ሲያየኝ ፊቱን ወደ ግድግዳ አዞረ።

«ከየት ነው የምትተዋወቁት?» አለች ሴትዮዋ።

«አብረን ተማርከን ነበር» አልኩ። ተስፋዬ ዓይኑን ጨፈነ። ወንበር ስቤ ተቀመጥኩና ሁሉንም ነገርኳት። ከዚያ ብርድ ልብሱን ገለጥኩ። እግሮቹ ከስተው እንጨት አክለዋል። ጀርባው ላይ ያለው ጉብታ ከኔ ይበልጣል።

«እግሮችህ ጨርሰው ከደነዘዙ ስንት ጊዜ ሆነ?» አልኩት።

«ከየካቲት ጀምሮ ነው።»

በዚያው ቀን መኪና ለምነን መቱ አደረስነው። ሲስተር ደሚቱ አየችው፣ ወደኔም አየች፤ ያላልኳት ሁሉ ገባት። ብትሰድበኝ ይሻለኝ ነበር። ሐኪሙ መድኃኒቱ ነፍሱን እንደሚያተርፈው ነገረን። ስለ እግሮቹ ሲጠየቅ ግን ራሱን ነቀነቀ፤ ስድስት ወር ሊሆነው ነው፣ ረፍዷል አለ።

ሚስቱ ውጭ ወጥታ ስታለቅስ እኔ አልጋው አጠገብ ቆሜ ነበር። ቆሜ! ተስፋዬ እግሮቼን ለረጅም ጊዜ አያቸው።

«አንተ መድኃኒቱን መቼ ጀመርክ?» አለኝ።

«ኅዳር ላይ።»

አሰበ። ቆጠረ መሰለኝ። ከዚያ፣ ሳይቆጣ፣ እንዲሁ አንድ ነገር ትዝ እንዳለው ሰው ሆኖ፣ «ኅዳር ላይ እኔ ቡና እለቅም ነበር» አለኝ።